ከማሕሌት ወደ መድረክ፤ የቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ ሕይወት

ስለ ቴአትር በተነጋገርን ቁጥር ከመካከላችን አንዱ ተነሥቶ፣ ቴአትር እንደ ባቡርና እንደ ቴሌፎን ከውጭ አገር ተጭኖ የመጣ ነገር ነው፤ ለሕዝባችን ባዕድ ነው ማለቱ አይቀርም። ሌላው ደግሞ ይነሣና የለም፣ አዝማሪውም ፎካሪውም አልቃሿም ቴአትረኞች ነበሩ ብሎ ይመልሳል። ክርክሩ እስከ እራት ሰዓት ይቀጥልና አሸናፊና ተሸናፊ ሳይለይ ይበተናል። እኛ ክርክሩን ለጊዜው ወደ ጎን አድርገን፣ መድረክ በሀገራችን ገና እግሩን ባልተከለበት ዘመን ቴአትር የደረሰውን፣ ያዘጋጀውን፣ ዜማ ያወጣለትንና ተጫዋቾቹን ያሠለጠነውን የአንድ ሰው ሕይወት እንመርምር ብለናል። ይኸውም ሰው ቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ ነው።

ስሙን ያልሰማ ተማሪ ጥቂት ነው። ሥራውን ያነበበ ግን ከዚያ የበለጠ ጥቂት ነው። ስሙ ሲጠራ ሁላችንም አንገታችንን በአክብሮት እንነቀንቃለን፤ ከቴአትሮቹ አንዱን ተርክልኝ ያለን እንደሆነ ግን ወሬ እንለውጣለን። የዚህ ጽሑፍ አሳብ ይህን ጉድለት መሙላት አይደለም፤ እርሱ በጥቂት ገጽ የሚሞላ አይደለምና። አሳባችን ሰውየው ከየት እንደ መጣ፣ ምን ይዞ እንደ መጣና ያንን የያዘውን ለምን እንዳዋለው ማሳየት ብቻ ነው። እግረ መንገዳችንን አንድ ነገር እናስታውቅ። ቀኝ ጌታን ያህል ሰው አንቱ ማለት ይገባ ነበር። ነገር ግን በሀገራችን ልማድ ጀግናና ባለቅኔ ሲወደድ አንተ ይባላል፤ እኛም በዚሁ ልማድ ሄደናል እንጂ ንቀት የለንም።

ዮፍታሔ በ1887 ዓ.ም. ከዐድዋ ጦርነት አንድ ዓመት ቀደም ብሎ በጎጃም በደብረ ኤልያስ ተወለደ። ደብረ ኤልያስ ከሩቅ ለሚያያት አንዲት የገጠር ደብር ናት። ለቤተ ክህነት ሰው ግን ስሟ ብቻውን ምስክር ወረቀት ነበር። የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ሊቃውንትን ይወዱ ስለ ነበር በግዛታቸው ያሉት የቅኔና የዜማ ጉባኤዎች በዘመናቸው ደምቀው ነበር። ደብረ ኤልያስም ከነዚህ አንዷ ሆና ተማሪው ከየአገሩ እየጎረፈ ይመጣባት ነበር። የፍቅር እስከ መቃብር ደራሲ ሐዲስ ዓለማየሁም በኋላ በልጅነታቸው ከተማሩባቸው ደብሮች አንዷ ይህችው ደብረ ኤልያስ ናት። እንግዲህ ዮፍታሔ ገና አፉን ሲፈታ ጀምሮ በጆሮው የሚገባው የቅኔና የዜማ ድምፅ ነበር ማለት ነው።

ዛሬ በዩኒቨርሲቲ የምንማር ሰዎች የአብነት ትምህርት ቤትን ነገር ስናነሣ ብዙ ጊዜ በለምዱ፣ በአኩፋዳውና በውሻው እንስቃለን። ነገሩን ቀረብ ብሎ ለሚመለከተው ግን ሥርዓቱ ጥብቅ ነው። ተማሪው ከፊደልና ከንባብ ጀምሮ ዳዊት ይደግማል፤ ከዚያ ወደ ዜማ ቤት፣ ከዜማ ቤትም ወደ ቅኔ ቤት ይሻገራል። በቅኔ ቤት በሁለት ቤት ጉባኤ ቃና ይጀምርና ዘአምላኪየን፣ ሚበዝኁን፣ ዋዜማን፣ ሥላሴን እያለ ስምንት ቤት እስካለው መወድስ ድረስ ይወጣል። ቀን ተቀምጦ፣ ወይም በዱር በገደሉ ብቻውን እየዞረ ቅኔውን ይቆጥራል። ማታ በመምህሩ ፊት ቆሞ ይነግራል፤ መምህሩም ሚዛኑ የጎደለውን፣ ሰዋስዉ የተሰበረውን፣ ምሥጢሩ የሳሳውን እዚያው ያርመዋል። ጓደኞቹ ቆመው ይሰማሉ። ያልተዘጋጀ ያፍራል።

ከዚህ ትምህርት ውስጥ ለነገራችን የሚጠቅሙ ሁለት ነገሮች አሉ። አንደኛው ሰምና ወርቅ ነው። ባለቅኔው በአንድ ቃል ሁለት ነገር ይናገራል፤ አንዱ ለሁሉ የሚሰማ፣ ሁለተኛው ለሚገባው የሚገለጥ ነው። ይህ ጌጥ ብቻ አይደለም፤ በኃይለኛ ፊት ቆሞ እውነትን ለመናገር የሚያገለግል ጋሻም ነው። ሊቁ በንጉሡ ፊት ቅኔ ሲቀኝ ምስጋናውም ተግሣጹም በአንድ ስንኝ ያልፋል። ሁለተኛው ነገር የቅኔ አንድ ጊዜ መሆን ነው። ትናንት የተነገረ ቅኔ ዛሬ አይደገምም፤ ባለቅኔ የሚከበረው በየቀኑ አዲስ በመቀኘቱ ነው። መምህሩ ሰምቶ ያደነቀው፣ ተማሪውም በቃሉ ይዞ የሄደው ካልሆነ በቀር ብዙው ከአፍ ወጥቶ ከአየር ጋር ይቀራል። ይህን ልማድ አንባቢው በአእምሮው ይያዝልን፤ ወደ ኋላ እንመለስበታለን።

ቀኝ ጌታ የሚለው ማዕርግም ከዚያው ከማሕሌት የመጣ ነው። በማሕሌት ጊዜ መዘምራኑ ቀኝና ግራ ሆነው ትይዩ ይቆማሉ፤ የቀኙን ወገን የሚመራው ቀኝ ጌታ፣ የግራውን የሚመራው ግራ ጌታ ይባላል። አንዱ ወገን ያነሣል፣ ሌላው ይመልሳል። መጀመሪያ ድምፅ ብቻ ነው። ቀጥሎ በመቋሚያው ዝማሜ ይገባል፤ ጸናጽሉ ይጨመራል፤ ከበሮው በዝግታ ይጀምርና መረግድ እያለ ይሞቃል፤ በመጨረሻ ጽፋት ሆኖ እልልታው ይቀልጣል። ቦታው የተወሰነ፣ አለባበሱ የተለየ፣ አካሄዱ የተመዘነ ነው፤ የሚመልስ ወገንና የሚመለከት ሕዝብ አለው። ይህን በልጅነቱ የመራ ሰው፣ ሰው በመድረክ ላይ እንዴት እንደሚቆም፣ ድምፅ ከየት ተነሥቶ የት እንደሚደርስ፣ የሕዝብ ስሜት በምን ያህል ጊዜ ከዝግታ ወደ ሙቀት እንደሚወጣ ለማወቅ ፓሪስ መሄድ አያስፈልገውም። እኛ ዮፍታሔን ያፈራው ይህ ነው ብለን እናምናለን።

ወደ አዲስ አበባ የመጣው በንግሥት ዘውዲቱ ዘመነ መንግሥት ነው። ከተማይቱ ያን ጊዜ ሁለት ልብ ነበራት። በአንድ በኩል የቤተ መንግሥቱ ግብር፣ የመኳንንቱ አጀብ፣ የቤተ ክርስቲያኑ ደወል አለ። በሌላው በኩል ባቡሩ ገብቷል፣ ሆቴሉ ተከፍቷል፣ የዳግማዊ ምኒልክ ትምህርት ቤት ልጆች ፈረንሳይኛ ይማራሉ። ሲኒማ የታየበትን ቤት ሕዝቡ የሰይጣን ቤት ብሎ ሰይሞታል። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ደግሞ አልጋ ወራሽ ራስ ተፈሪ ያቋቋሙት የብርሃንና ሰላም ማተሚያ ቤት ጋዜጣና መጽሐፍ ማውጣት ጀመረ። ከጎጃም የመጣው ባለቅኔ በነዚህ በሁለቱ መካከል ገባ።

ቴአትር አስቀድሞ አንድ ጊዜ ተሞክሮ ነበር። በጅሮንድ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም በልጅነታቸው ወደ ሩሲያ ሄደው በዚያ የተማሩ፣ የአውሮፓን ቴአትር በዓይናቸው ያዩ ሰው ናቸው። ወደ አገራቸው ተመልሰው በ1913 ዓ.ም. ገደማ ፋቡላ የተባለውን፣ አውሬዎች የሚናገሩበትን መሳለቂያ ደረሱ፤ በቴራስ ሆቴልም በመኳንንቱ ፊት ታየ። አውሬዎቹ እነማን እንደሆኑ ለማወቅ ተመልካቹ ብዙ አልተቸገረም። ንግሥቲቱም ነገሩ ሲነገራቸው ከለከሉት። ከዚያ በኋላ ለብዙ ዓመት ቴአትር የሚባል ነገር በአዲስ አበባ አልተሰማም። ታሪካችንን የሚጽፉ ሰዎች ተክለ ሐዋርያትን ፊተኛ፣ ዮፍታሔን ተከታይ አድርገው በአንድ መስመር ያስቀምጣሉ። በዘመን ቅደም ተከተል ትክክል ነው። በመንገድ ግን የተለያዩ ናቸው። ተክለ ሐዋርያት የአውሮፓን ቴአትር አይተው ኢትዮጵያዊ ልብስ ሊያለብሱት ሞከሩ። ዮፍታሔ ግን ኢትዮጵያዊውን የማሕሌትና የቅኔ ሥርዓት ይዞ መጥቶ ቴአትር በተባለው አዲስ ቤት ውስጥ አስገባው።

ይህን ያደረገው በትምህርት ቤት በኩል ነው። አማርኛ አስተማሪ ሆኖ ከተማሪዎቹ መካከል ድምፅ ያለውን፣ ቃል የሚይዘውን፣ የማያፍረውን እየመረጠ አሠለጠነ። ሴት በመድረክ መውጣት ነውር በነበረበት ዘመን የሴቱን ክፍል የሚጫወቱት ወንዶች ልጆች ነበሩ። ግጥሙን እርሱ ይደርሳል፤ ዜማውን ያወጣል፤ አቋቋሙን ያሳያል፤ የሚሳሳተውን ያርማል። ዛሬ በአንድ ቴአትር ቤት ደራሲ፣ አዘጋጅ፣ የሙዚቃ ባለሙያና አሠልጣኝ ተብለው የሚከፋፈሉት ሥራዎች ሁሉ በአንድ ሰው ትከሻ ላይ ነበሩ። የቅኔ መምህርም እንዲሁ ነው፤ እርሱ ብቻውን ትምህርት ቤት ነው።

ነገሩ ያለ ዋጋ አልሆነም። በዚያ ዘመን በሕዝብ ፊት ዘፍኖ ማደር የአዝማሪ ሥራ ነው ይባል ነበር። አዝማሪው በግብር ቤት ይወደዳል፤ ሴት ልጁን ስጠኝ ብሎ የሚመጣ ጨዋ ግን የለም። ከማሕሌት የወጣ፣ ማዕርግ ያለው ሰው ልጆችን ሰብስቦ ዘፈን ማስተማሩ፣ ወንዱን ሴት አስመስሎ ማቆሙ በደብተራው ዘንድም በባላባቱ ዘንድም ጥርጣሬን የሚያመጣ ነበር። ይህን ለማለዘብ ይመስለናል ከሥራዎቹ አንዱን ጥቅም ያለበት ጨዋታ ብሎ የሰየመው። ስሙን ልብ እንበለው። ቴአትር የሚለው ቃል ገና ባልተለመደበት ጊዜ ጨዋታ ማለት ግድ ነበር፤ ነገር ግን ጨዋታ ብቻ ቢለው ቀልድ ይሆናል፤ ስለዚህ ጥቅም ያለበት መሆኑን በስሙ መሰከረለት።

የሌሎቹ ቴአትሮቹ ስሞችም ራሳቸውን የቻሉ ቅኔ ናቸው። ምስክር የሚል አለ፤ ያማረ ምላሽ የሚል አለ፤ እያዩ ማዘን የሚል አለ፤ ዳዲ ቱራ የሚል አለ። የሆድ አምላኩ ቅጣት የተባለው ስም ሆዱን አምላኩ ያደረገውን ሰው የሚቀጣ ሲሆን፣ ቃሉ ከሐዋርያው ከጳውሎስ መልእክት የመጣ መሆኑን ዳዊት የደገመ ሁሉ ያውቃል። ያን ጊዜ በአዲስ አበባ ሆዱን አምላኩ ያላደረገ ሹም ምን ያህል ነበር? ማንም በስሙ አልተጠራም። ማንም ደግሞ አልተነካሁም ብሎ በሙሉ ልብ ወደ ቤቱ አልሄደም። ፋቡላ ተከልክሎ የዮፍታሔ ቴአትር የቀጠለው በከፊል የጊዜው ለውጥ ነው፤ በዙፋኑ ላይ ቴአትርን የሚወዱ ንጉሥ ተቀምጠዋልና። በከፊል ግን ወርቁን በሰሙ ውስጥ የመቅበር ችሎታው ነው።

ስለ ድክመቱም መናገር ይገባናል። ቴአትሮቹ ንግግር ይበዛባቸዋል። ሰው ይገባል፣ ቆሞ በግጥም ይናገራል፣ ሌላው ይመልሳል፣ ቀጥሎ መዝሙር ይሆናል። ድርጊቱ ጥቂት ነው። ገጸ ባሕርያቱ ብዙ ጊዜ ሰዎች ሳይሆኑ አሳቦች ናቸው፤ አገር፣ ምቀኝነት፣ እውነት፣ ሆድ እየሆኑ ይቆማሉ። የሼክስፒርን ቴአትር ያነበበ ተማሪ ይህን አይቶ ቴአትር ነው ለማለት ሊያመነታ ይችላል። ነገር ግን ሰውየው የጻፈው ማሕሌት ቆሞ ለሚያድር፣ የግማሽ ቀን ሙግት በዛፍ ሥር ተቀምጦ በደስታ ለሚሰማ ሕዝብ መሆኑን መርሳት አይገባም። ያ ተመልካች ከድርጊት ይልቅ የቃል ሙያ ይወድ ነበር። ደግሞስ ዛሬም ቢሆን ንግግር የማይበዛበት ቴአትር ስንት አይተናል?

በሰፊው ሕዝብ አፍ የገባው ሥራው ግን ቴአትር አይደለም። ራስ ተፈሪ በ1916 ዓ.ም. ወደ አውሮፓ ሲሄዱ በኢየሩሳሌም በአርመኖች ገዳም ከእልቂት የተረፉ ወላጅ አልባ ልጆች የሙዚቃ ጓድ ሠርተው ሲጫወቱ አገኙ። አርባዎቹን ወደ ኢትዮጵያ አስመጧቸው። አስተማሪያቸው ኬቮርክ ናልባንዲያን ራሱም ከተወለደበት አገር የተፈናቀለ አርመናዊ ነበር። እርሱ የብሔራዊውን መዝሙር ዜማ አወጣ፤ ቃሉን ዮፍታሔ ደረሰ። ኢትዮጵያ ሆይ ደስ ይበልሽ የተባለው መዝሙር ይህ ነው። በጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም. ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሲነግሡ የውጭ መንግሥታት መልእክተኞች በተገኙበት ተሰማ፤ ከአብዮቱ በኋላ በሌላ እስኪተካ ድረስም የጠላት ዘመን ሲቀር የሀገሪቱ መዝሙር ሆኖ ኖረ።

እዚህ ላይ አንድ የሙያ ነገር ማንሣት እንወዳለን። የአማርኛ ግጥም ወል ቤቱም ሰንጎ መገኑም የራሱ እርምጃ አለው፤ በበገናና በመሰንቆ ሲባል ደስ ይላል። የፈረንጅ የሰልፍ ሙዚቃ ደግሞ በወታደር እግር የተመዘነ ነው። ጥብቁን ፊደል በላላው ስፍራ፣ ላላውን በጥብቁ ስፍራ ያስቀመጡት እንደሆነ ቃሉ ሌላ ነገር ይሆናል። ዮፍታሔ ግዕዝ፣ ዕዝልና አራራይ በሚባሉት በያሬድ ዜማዎች ያደገ ጆሮ ይዞ አማርኛን በነሐስ መለከት ላይ አስቀመጠው፤ ሳይሰበርም ተዘመረ። አንዱ ከደብረ ኤልያስ፣ ሌላው ከአርመን ስደት መጥተው አንድ የማያውቁትን ዓይነት ሥራ በአንድነት ሠሩ። አባቶቻችንና እናቶቻችን በየትምህርት ቤቱ ሰንደቅ ዓላማ ሥር ሆነው በየማለዳው ዘመሩት፤ ደራሲው ማን እንደሆነ ግን ብዙዎቹ አልተነገራቸውም።

አንዳንድ ጓደኞቻችን በዚህ ነገር ዮፍታሔን ይወቅሱታል። ለዙፋን የዘመረ ባለቅኔ ነው፤ ሙያውን ለቤተ መንግሥት አከራይቷል ይሉታል። ወቀሳው ባዶ አይደለም። መዝሙሩ አገርንና ንጉሥን አጣምሮ ያመሰግናል፤ ቴአትሮቹም ንጉሡን የሚያስቀይም ነገር በግልጥ አይናገሩም። ነገር ግን በዚያ ዘመን ማተሚያ ቤቱ የመንግሥት፣ ትምህርት ቤቱ የመንግሥት፣ አዳራሹም የመንግሥት ነበር። ምርጫው ከውጭ ሆኖ ዝም ማለት ወይም ከውስጥ ሆኖ በሰምና ወርቅ መናገር ነበር። ዮፍታሔ ሁለተኛውን መረጠ። ምርጫው ምን እንዳስከፈለው ለማየት ግን ወደ ጦርነቱ ዘመን መሻገር ያስፈልጋል።

በኅዳር 1927 ዓ.ም. በወልወል የኢጣልያና የኢትዮጵያ ጦር ከተጋጨ በኋላ ጦርነቱ እንደማይቀር ታወቀ። በዚያው ዓመት በሐምሌ በመኰንን ሀብተ ወልድ አሳሳቢነት የኢትዮጵያ ሀገር ፍቅር ማኅበር ተቋቋመ፤ ዮፍታሔም ከመሥራቾቹ አንዱ ነበር። ሕዝቡ በአደባባይ ይሰበሰባል፤ ተናጋሪዎች ስለ ነጻነት ይናገራሉ፤ በመካከሉ መዝሙርና ግጥም ይሰማል። ቀደም ሲል በትምህርት ቤት አዳራሽ ለመኳንንት ይታይ የነበረው ሙያ አሁን ወደ አደባባይ ወጥቶ ጋቢ ለለበሰው ሁሉ ሆነ። ዛሬ በፒያሳ ያለው የሀገር ፍቅር ቴአትር ቤት ሥሩ ይኸው ማኅበር ነው። ስለዚህ የቴአትር ቤታችን እናት የመዝናኛ ፍላጎት ሳትሆን የጦርነት ሥጋት ናት ብንል ከእውነት አንርቅም።

ጦርነቱ መስከረም 1928 ዓ.ም. ተጀመረ። ሚያዝያ 27 ቀን አዲስ አበባ ተያዘች። ለመዝሙሩ ደራሲ በጠላት ሥር መኖር የሚቻል ነገር አልነበረም። በየካቲት 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከተጣለ በኋላ በአዲስ አበባ የፈሰሰውን ደም፣ በተከታዩም ግንቦት በደብረ ሊባኖስ መነኮሳት ላይ የሆነውን የምናውቅ ሁሉ፣ ፋሽስት የተማረውንና ካህኑን እንዴት እንዳደነ አንስተውም። ዮፍታሔ ወደ ሱዳን ተሰደደ።

ስሙ የተወሰደው ከመጽሐፈ መሳፍንት ነው። የገለዓዱ ዮፍታሔ ወንድሞቹ አሳድደውት በባዕድ አገር ሲኖር፣ ጦር በመጣ ጊዜ ሽማግሌዎቹ ሄደው የለመኑት ሰው ነው። የእኛው ዮፍታሔም በስሙ እንደ ተጻፈለት በባዕድ አገር ሆኖ የአገሩን ቀን ጠበቀ። የስደት ዘመን ለባለቅኔ ከሌላው ሰው ይልቅ ይከፋል፤ መሣሪያው ቋንቋ ነውና፣ የሚሰማው ሕዝብ ከሌለ እጁ ባዶ ነው።

ጥር 12 ቀን 1933 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ በኦሜድላ በኩል ድንበሩን ተሻግረው ሰንደቅ ዓላማውን ሰቀሉ። ከዚያ በኋላ ያለው መንገድ በጎጃም ውስጥ፣ በቡሬና በደምበጫ አድርጎ ወደ ደብረ ማርቆስ የሚወስደው ነው፤ ይኸውም የደብረ ኤልያስ ልጅ ከልጅነቱ ጀምሮ የሚያውቀው አገር ነው። ሚያዝያ 27 ቀን፣ ከተማይቱ በጠላት እጅ በገባች በአምስተኛው ዓመት፣ ንጉሠ ነገሥቱ አዲስ አበባ ገቡ።

እዚህ ላይ ስለ ሰፈራችን አንድ ቃል እንጨምር። ይህ ጽሑፍ የሚጻፈው በጉለሌ በሸጎሌ ነው። ሸጎሌ የሚለው ስም የመጣው የቤኒሻንጉሉ ገዥ ሼኽ ኾጀሌ በዚህ ቤት ስለ ነበራቸው ነው፤ የአዲስ አበባ አፍ ሼኽ ኾጀሌን ጨፍልቆ ሸጎሌ አለው። ከዚህ ራቅ ሳይል ደግሞ ዊንጌት ትምህርት ቤት አለ፤ የጌዴዎን ጦር የተባለውን ይዞ ከሱዳን ወደ ጎጃም በገባው እንግሊዛዊ መኰንን ስም የተሰየመ ነው። የምዕራቡን ድንበር የያዘው ገዥና በዚያው በምዕራብ ድንበር የገባው መኰንን ስማቸው በታክሲ ረዳት አፍ ቀኑን ሙሉ ይጠራል። በዚያው ድንበር ተሰዶ የነበረው ባለቅኔ ስም ለብዙ ዘመን የሚጠራው በጥቂት የሥነ ጽሑፍ ሰዎች ዘንድ ብቻ ነበር። የአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴአትር ትምህርት ቤት በስሙ የተሰየመው እጅግ ዘግይቶ ነው።

ከነጻነት በኋላ ዮፍታሔ የመንግሥት ሥራ ተሰጠው። ከሥራዎቹ ሁሉ ይበልጥ ስሙ የሚነሣው ቴአትርም አፋጀሽኝ የዚህ ጊዜ፣ የ1933 ዓ.ም. ሥራ ነው። ነገሩ የጠላት ወረራና ያስከተለው መከራ ነው። ስለ ስሙ ጥቂት እንናገር። አፋጀሽኝ ሲል የሚናገረው ለሴት ነው። አፋጀ ደግሞ አንዱን ከሌላው አጋደለ፣ እርስ በርስ አጨራረሰ ማለት ነው። እንግዲህ ያቺ ሴት ማን ናት? በግጥማችን ልማድ እናት የምትባለው፣ ስለ እርሷ የሚሞቱላት አንዲት ናት። በ1923 ደስ ይበልሽ ያላትን በ1933 አፋጀሽኝ አላት። በነዚህ በሁለቱ ስሞች መካከል ያሉት አሥር ዓመታት የአንድ ትውልድ ታሪክ ናቸው፤ የሌላ ደራሲ ብዙ ቅጽ ታሪክ ይህን ያህል አይነግረንም።

ጊዜው ደግሞ አስቸጋሪ ነበር። አርበኛው በዱር አምስት ዓመት ተዋግቶ ወጥቷል፤ ስደተኛው ከውጭ ተመልሷል፤ ለጠላት ያደረው ባንዳም አልጠፋም። ሦስቱም በአንድ ከተማ፣ በአንድ ቢሮ፣ አንዳንድ ጊዜም በአንድ ማዕድ ተገናኙ። ሹመቱ ለማን ይገባል የሚለው ጥያቄ በየቤቱ ይነሣ ነበር። ጎጃሜው ሁሉ በተለይ ያዘነበት ነገር በጥር 1937 ዓ.ም. ሆነ፤ በአባይ ማዶ ስሙ የገነነው አርበኛ በላይ ዘለቀ በአዲስ አበባ በስቅላት ተቀጣ። ከጎጃም ወጥቶ ለንጉሡ መዝሙር የደረሰ ሰው ያንን ጧት እንዴት እንዳሳለፈው አንባቢ ያስበው።

ዮፍታሔ በ1939 ዓ.ም. አረፈ። ዕድሜው ከ52 ዓመት አልራቀም። ስለ አሟሟቱ በየጊዜው ብዙ ወሬ ይወራል፤ እንደ እርሱ ያለ አንደበተ ርቱዕ ሰው በጎልማሳነቱ ሲሞት ሕዝብ ወሬ ማውራቱ የተለመደ ነው። እኛ ወሬውን አንደግመውም። እርሱ ከሞተ በኋላ፣ በ1948 ዓ.ም.፣ ለንጉሠ ነገሥቱ የኢዮቤልዩ በዓል ትልቁ የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ የዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ተከፈተ። ልጆችን በትምህርት ቤት አዳራሽ ሰብስቦ የጀመረው ሰው ያንን አዳራሽ አላየውም።

አሁን ቅድም አንባቢው በአእምሮው እንዲይዝልን ወደ ለመንነው ነገር እንመለስ። የዮፍታሔ ሥራዎች አብዛኞቹ በሕይወቱ ሳሉ በመጽሐፍ አልታተሙም። በእጅ ጽሑፍ፣ በተጫዋቾቹ ቃል፣ በወዳጆቹ ሣጥን ቀሩ። ጦርነቱና ስደቱ አንዱ ምክንያት ነው። ሁለተኛው ግን ከቅኔ ቤት የመጣው ልማድ ይመስለናል። ዛሬ የተነገረው ዛሬ ይበቃል፤ ነገ ሌላ ይደረሳል። ለማሕሌት ይህ መልካም ነበር፤ ማሕሌቱ ነገም አለና፣ ተማሪውም ቃሉን ይዞ ይሄዳልና። ቴአትር ግን ጽሑፉ የጠፋ እንደሆነ ሁለተኛ አይነሣም፤ ተጫዋቾቹ ያረጃሉ፣ ይሞታሉ፣ ይረሳሉ። ከማሕሌት ያመጣው ሀብት መድረክ እንዲያቆም አስቻለው፤ ከዚያው ከማሕሌት ያመጣው ልማድ ደግሞ ያቆመውን እንዳናነብ አደረገን።

ይህ ሁሉ እንዳለ አልጠፋም። እንደ እኛው የዩኒቨርሲቲ ተማሪ የነበረ፣ በኋላም በዚያው ያስተማረ አንድ ገጣሚ፣ ዮሐንስ አድማሱ፣ የዮፍታሔን ሕይወትና ጽሑፍ መርምሮ ከያለበት ለቃቀመ፤ ሕይወቱንም ከ1887 እስከ 1939 ዓ.ም. ጻፈ። ዮሐንስ ራሱ በወጣትነቱ ሞተ። ጥናቱም መጽሐፍ ሆኖ የታተመው እርሱ ካለፈ ከብዙ ዓመታት በኋላ ነው። መጽሐፉ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ ፕሬስ የወጣ ነው፤ የሚፈልገው ሰው ከመጻሕፍት ቤት ተውሶ ሊያነበው ይችላል።